ከመጋዘን የተረፈ ጫማ በቅናሽ ለሚገዙ ነጋዴዎች

ጫማ የሚቸረችሩ አንባቢዎቻችን እንደሚያውቁት፥ ከጥቂት ዓመታት ወዲህ ደላሎች ይዘውት የሚመጡት ወሬ አንድ ዐይነት ሆኗል። «ከውጭ አገር መጋዘን የተረፈ፥ ማንም ያልተጫማው አዲስ፥ ደግሞም ለአካባቢ ተስማሚ የሚባለው ዐይነት ጫማ በግማሽ ዋጋ ተገኝቷል፤ ዛሬ ካልተነሣ ነገ ሌላ ሰው ይወስደዋል» ይላሉ። ወሬው ሁልጊዜ ሐሰት አይደለም። እንዲህ ያለው ዕቃ በእውነት የሚገኝበትና መርምሮ ለሚገዛ ነጋዴ መልካም ትርፍ የሚሰጥበት ጊዜ አለ። ነገር ግን የካርቶኑን ብዛትና የተቀነሰውን ዋጋ ብቻ አይቶ የሚገዛ ሰው፥ የሌላውን ሰው ችግር ገዝቶ ወደ ሱቁ ማስገባቱን የሚረዳው ገንዘቡን ከከፈለ በኋላ ነው።

እኔ የነጋዴ ጸሐፊ እንጂ ነጋዴ አይደለሁም። ይሁን እንጂ የአሠሪዬን የሒሳብ መዝገብ ስጽፍ ሃያ ዓመት ሊሞላኝ ጥቂት ስለ ቀረው፥ የትኛው ግዢ በመጨረሻ ከትርፍ ዓምድ፥ የትኛውስ ከኪሳራ ዓምድ እንደሚያርፍ ለማየት በቂ ጊዜ አግኝቻለሁ።

በመጀመሪያ ይህ ጫማ ስለ ምን እንደሚተርፍ ማወቅ ያስፈልጋል። ፋብሪካ ጫማ የሚሠራው ከመሸጫው ወራት አስቀድሞ በግምት ስለሆነ፥ ግምቱ የሳተ እንደሆነ ዕቃው በመጋዘን ይቀራል። ቀለሙ ሳይወደድ ይቀራል፤ አዲስ ቅርጽ ሲወጣ ያለፈው ያረጃል፤ ያዘዘው ሱቅ ትእዛዙን ይሰርዛል ወይም ይከስራል። ለአካባቢ ተስማሚ ተብሎ ከሱፍ፥ ዳግመኛ ከተፈተለ ፕላስቲክ፥ ከዛፍ ጎማና ከመሳሰለው የሚሠራው ጫማም ከዚህ ዕጣ አላመለጠም። እ.ኤ.አ. በ2016 የሱፍ ጫማ ይዞ ወደ ገበያ የገባው የአሜሪካው ኦልበርድስ፥ በ2021 አክሲዮኑን ለሕዝብ እስከ መሸጥ ደርሶ ሳለ፥ በተከታዮቹ ሁለት ዓመታት ክምችቱ ከሽያጩ ስለ በለጠ ዋጋ ቀንሶ ለማራገፍ ተገዷል።

ሁለተኛው ምክንያት ሕግ ነው። ቀድሞ አንዳንድ ስመ ጥር ድርጅቶች ስማቸው በርካሽ ገበያ እንዳይታይ ሲሉ ያልተሸጠ ዕቃቸውን ያቃጥሉ ነበር። ፈረንሳይ እ.ኤ.አ. በ2020 ባወጣችው ሕግ ይህን ልማድ ለልብስና ለጫማ ከ2022 መጀመሪያ አንሥታ ከለከለች። የአውሮፓ ኅብረትም በ2024 ያወጣው ደንብ፥ ከጥቂት ልዩ ሁኔታዎች በቀር፥ ትልልቅ ድርጅቶች ያልተሸጠ ልብስና ጫማ እንዳያጠፉ ከጁላይ 19 ቀን 2026 አንሥቶ እንዲከለከሉ ይደነግጋል፤ መካከለኞቹ ድርጅቶች እስከ 2030 ጊዜ ተሰጥቷቸዋል። እንግዲህ የማይቃጠል ዕቃ መውጫ በር መፈለጉ የማይቀር ስለሆነ፥ ደላሎቹ ወደ ሱቃችን የሚመጡበት እግር ወደፊት የሚበዛ እንጂ የሚያንስ አይመስለኝም።

«ለአካባቢ ተስማሚ» የሚለውን ቃል በተመለከተ አንድ ነገር ለይቶ ማወቅ ይገባል። ቃሉ የሚናገረው ጥሬ ዕቃው ከየት እንደ መጣ ወይም እንዴት እንደ ተሠራ ነው፤ ጫማው ስንት ክረምት እንደሚያገለግል አይናገርም። ለምሳሌ ሌዘር ወርኪንግ ግሩፕ የሚሰጠው የወርቅና የብር ደረጃ የሚመዝነው ቆዳውን ያለፋውን ፋብሪካ እንጂ ጫማውን አይደለም። ከሸንኮራ አገዳ የተገኘ የሚባለውም ሶል፥ ከነዳጅ ከሚሠራው ጋር በባሕርዩ አንድ ዐይነት ስፖንጅ ነው፤ የተለየው መነሻው ብቻ ነው። በአንጻሩ ማንም የምስክር ወረቀት ሳይሰጠው ከአሮጌ የመኪና ጎማ ተቆርጦ የሚሠራው የአገራችን በረባሶ፥ ገበሬው በድንጋይና በጭቃ ላይ ለዓመታት ሲረግጠው ኖሯል። ሶልሬብልስ የተባለው የአዲስ አበባ ድርጅትም ይህንኑ የጎማ ሶል ይዞ ወደ ውጭ ገበያ መውጣቱ የሚታወቅ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። በ2011 ዓ.ም. አሠሪዬ ከአንድ አስመጪ 240 ጥንድ የእግር መንገድ ጫማ በቅናሽ ገዙ። ላዩ ከተጣለ የፕላስቲክ ጠርሙስ ከተፈተለ ጨርቅ የተሠራ፥ ሶሉ ወፍራምና ለስላሳ፥ ሲያነሡት የሚቀል፥ ሲያዩት የሚያምር ነበር። በግንቦትና በሰኔ 148 ጥንድ ተሸጠ። ሐምሌ በገባ በሁለተኛው ሳምንት አንዲት የጤና ጣቢያ ነርስ ዝናብ እየመታት መጣችና ከፌስታል ውስጥ የጫማዋን ሶል አውጥታ በባንኮኒው ላይ ዘረገፈችው። ሶሉ እንደ ደረቀ ዳቦ ተፈርፍሮ ነበር። «ጋሼ፥ አንድ ወር እንኳ አላገለገለኝም፤ ከሥራ ወደ ቤቴ የገባሁት በካልሲ ነው» አለች። አሠሪዬ ጋዝ ነክቶት ወይም እሳት አጠገብ ደርቆ ይሆናል ብለው ጠረጠሩ። እኔ ግን ወደ ቆጡ ወጥቼ ገና ያልተሸጠውን አንዱን ካርቶን ከፍቼ ሶሉን በአውራ ጣቴ ብጫነው ጣቴ እንደ ገባ ቀረ። ማንም ያልተጫማው ጫማ በካርቶኑ ውስጥ እንዳለ ሞቶ ነበር።

ከምላሱ ሥር በተሰፋችው ትንሽ ጨርቅ ላይ 09/12 የሚል ጽሑፍ አለ። እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2012 ተሠራ ማለት ነው፤ እኛ ስንገዛው ስድስት ዓመት አልፎት ሰባተኛውን ይዟል። ይህን ቁጥር ዕቃው በገባበት ዕለት አይቼዋለሁ፤ የዕቃ መለያ መስሎኝ በመዝገብ አስፍሬ አለፍሁት። ከ148ቱ ገዢዎች 37ቱ ጫማውን መልሰው ገንዘባቸውን ወሰዱ፤ በቆጡ ላይ የቀረው 92 ጥንድ ተጣለ። አስመጪው የሰጠን ደረሰኝ «ታይቶ የተገዛ፥ የማይመለስ» የሚል ቃል ስለ ነበረበት የምንጠይቀው አልነበረም። ሒሳቡን ስዘጋ ግን እጅግ ያሳሰበኝ ጫማውን ይዘው ያልመጡት ደንበኞች ነገር ነው። ከእነዚያ መካከል ፊታቸውን የማውቃቸው ነበሩ፤ ከዚያ ወዲህ በሱቃችን በር ሲያልፉ እንጂ ሲገቡ አላየሁም።

የነገሩ ምክንያት እንደሚከተለው ነው። ለስላሳና ቀላል የሆነው ሶል ብዙ ጊዜ የሚሠራው ፖሊዩሪታን ከተባለ ነገር ነው። ከዚህም መካከል ፖሊስተር የሚባለው ዐይነት በአየር ውስጥ ያለው እርጥበት ቀስ በቀስ ውስጣዊ ማያያዣውን ይፈታዋል። ይህ የሚሆነው ጫማው ቢጫሙትም ባይጫሙትም ነው። በደረቅና በቀዝቃዛ ቦታ የተቀመጠው ይቆያል፤ በሞቃትና በእርጥብ መጋዘን የከረመው ወይም በባሕር ላይ በታሸገ ኮንቴይነር ብዙ የቆየው ፈጥኖ ይፈርሳል። ከጎማ ወይም ከቆዳ የተሠራ ሶል ይህ ደዌ የለበትም። ኢ.ቪ.ኤ. የሚባለው ስፖንጅም በእርጥበት አይፈታም፤ ነገር ግን ሙቀት ያኮማትረዋል፥ ዘመኑም ሲረዝም ይደርቃል።

ስለዚህ ገዢው ዋጋ ከመጠየቁ በፊት የተሠራበትን ወርና ዓመት ይፈልግ። ብዙውን ጊዜ ከምላሱ ሥር ወይም ከውስጥ በጎኑ በተሰፋ ጨርቅ ላይ ይገኛል። በአንዳንዱ ሶል ላይ ደግሞ እንደ ሰዓት ፊት በ12 የተከፈለ ትንሽ ክብ ታትሞ ቀስቱ ወሩን፥ መካከሉ ዓመቱን ያመለክታል። ምልክቱ ተቆርጦ ከወጣ፥ ለምን ተቆረጠ ብሎ መጠየቅ ነውር አይደለም። ድርጅቶች ስማቸው እንዳይታወቅ ሲሉ የሚቆርጡበት ጊዜ አለ፤ ነገር ግን ስም ሲቆረጥ ዕድሜም አብሮ ይቆረጣል። ቀጥሎ ከልዩ ልዩ ካርቶን፥ በተለይም ከታችና ከመካከል ካለው፥ ጥቂት ጥንድ ያውጣ። የሶሉን ጎን በአውራ ጣቱ አጥብቆ ይጫን፤ ጫማውን ከመካከሉ አጥፎ ይዘርጋ። የፀጉር ያህል የቀጠነ ስንጥቅ፥ በጣት የሚቀር ዱቄት፥ የሚያጣብቅ ወዝ ወይም ቢጫ መልክ ካየ ያንን ዕቃ በነጻም ቢሆን አይቀበል። የማስቲሹንም ነገር ይመልከት፤ ሶሉ ደኅና ሆኖ ማስቲሹ ብቻ የለቀቀ ጫማ በጫማ ሠሪ እጅ ይድናል፤ ወጪው ግን ከዋጋው ላይ መቀነስ አለበት።

በአውሮፓ ለሚሸጥ ጫማ በሕግ የሚለጠፈው ምልክት የላዩን፥ የገበሩንና የሶሉን ጥሬ ዕቃ በሥዕል ያሳያል። የተዘረጋ ቆዳ የሚመስለው ሥዕል ቆዳ ነው፤ መረብ የሚመስለው ጨርቅ ነው፤ ባዶ አልማዝ የሚመስለው ሌላ ጥሬ ዕቃ ነው። በሶሉ በኩል አልማዝ ካለ ጎማም ፖሊዩሪታንም ሊሆን ስለሚችል፥ ሥዕሉ ብቻውን አያሳርፍም፤ ሻጩ በጽሑፍ እንዲገልጽ ይጠየቅ።

ደግሞም «የተረፈ» በሚለው አንድ ስም ሦስት ልዩ ልዩ ዕቃዎች ተደባልቀው ይመጣሉ። አንደኛው በእውነት ሳይሸጥ የቀረ ነው። ሁለተኛው ገዢ ወስዶ የመለሰው ነው፤ ይህ በጣቶቹ መታጠፊያ ላይ ባለው ሽብሽብና በሶሉ ላይ በቀረው አቧራ ይታወቃል። ሦስተኛው በፋብሪካው ውስጥ ጉድለት ተገኝቶበት የተለየ ነው፤ የአንዱ እግር ቀለም ከሌላው መለየቱና የስፌቱ መጣመም ይነግራል። ሦስቱም ገዢ አላቸው፤ ዋጋቸው ግን አንድ ሊሆን አይገባም።

ስለ ቁጥር ጥቂት ልበል። መካከለኛው ቁጥር በመጀመሪያው ገበያ ስለሚያልቅ፥ የሚተርፈው አብዛኛውን ጊዜ እጅግ ትንሹና እጅግ ትልቁ ነው። ሻጩ የቁጥሩን ዝርዝር ሳይሰጥ የጥንዱን ብዛት ብቻ የሚናገር ከሆነ ምክንያቱ ይኸው ነው ብሎ መገመት ይቻላል። የአሜሪካ 9 ቁጥር የወንድ ጫማ ከእንግሊዝ 9 ቁጥር ያንሳል፤ የሴቱ 9 ቁጥር ደግሞ ከወንዱም ያንሳል። ስለዚህ ዝርዝሩ በአውሮፓ ቁጥር እንዲጻፍ መጠየቅ ክርክርን ያስቀራል።

ሒሳቡን ለምሳሌ ያህል ላሳይ። 500 ጥንድ እያንዳንዱ በ1,200 ብር ተገዛ እንበል፤ 600,000 ብር ይሆናል። ማጓጓዣ፥ ጫኝና አውራጅ 30,000 ብር ቢጨመር 630,000 ይደርሳል። ለ500 ሲካፈል 1,260 ብር ይወጣል፤ ብዙ ሰው ሒሳቡን እዚህ ላይ ያቆማል። ካርቶኑ ሲከፈት ግን 310 ጥንድ ደኅናና የሚፈለግ ቁጥር፥ 120 ጥንድ በጣም ትንሽ ወይም በጣም ትልቅ ቁጥር፥ 50 ጥንድ ማስቲሽ የለቀቀ፥ 20 ጥንድ የሚጣል ሆኖ ተገኘ። 120ው በ700 ብር ቢሸጥ 84,000 ይመልሳል፤ 50ው በ100 ብር ተጠግኖ በ900 ቢሸጥ 40,000 ይተርፋል። የቀረው 506,000 ብር በ310 ጥንድ ላይ ስለሚያርፍ፥ የደኅናው ጫማ እውነተኛ መግዣ 1,632 ብር ነው። የሱቅ ኪራይ፥ ደመወዝና ግብር የሚታሰበው ከዚህ በላይ ነው። ደላላው «በ1,200» ሲል ነጋዴው በልቡ 1,632 ብሎ መስማት አለበት ማለት ነው።

ዕቃውን ራሳቸው ከውጭ ለማስመጣት የሚያስቡ ደግሞ፥ ጉምሩክ በደረሰኙ ላይ የተጻፈውን የቅናሽ ዋጋ ከተጠራጠረ በተመሳሳይ ዕቃ ዋጋ ሊተምን እንደሚችል አይርሱ። በዚያን ጊዜ ቀረጡና 15 በመቶው የተጨማሪ እሴት ታክስ ባልተቀነሰው ዋጋ ላይ ስለሚታሰብ፥ ቅናሹ በወደብና በመጋዘን መካከል ይጠፋል። የሻጩ ድርጅት ዋጋውን ለምን እንደ ቀነሰ የሚገልጽ ደብዳቤና የባንክ ክፍያ ማስረጃ አስቀድሞ መያዝ ይረዳል። ስመ ጥር ድርጅቶች የተረፈ ዕቃቸውን ሲሸጡ በየትኛው አገር ሊሸጥና ሊያስተዋውቁት እንደሚቻል ወሰን የሚያበጁበት ጊዜ ስላለ፥ ደላላው የመሸጥ መብት እንዳለው የሚያሳይ ወረቀት ይጠየቅ።

ከነርሷ ነገር በኋላ አሠሪዬ ደላሎችን ከበር አልመለሱም፤ ባለፉት ዓመታት እንዲህ ያለ ዕቃ አራት ጊዜ ገዝተዋል፥ ሦስቱም አትርፈዋል። ነገር ግን ቀብድ ከመክፈላቸው በፊት ከአሥር ካርቶን አንዱን ራሳቸው መርጠው ይከፍታሉ፤ በውሉም ላይ የተሠራበትን ወር፥ የሶሉን ዐይነት፥ የየቁጥሩን ብዛትና እስከ 30 ቀን ድረስ ሶሉ የፈረሰ ጫማ የሚመለስ መሆኑን እኔ እጽፋለሁ። ይህን ቃል ሲሰሙ ፊርማቸውን ሳያኖሩ የሄዱ ሁለት ሻጮች አሉ። በሱቁም ውስጥ የቅናሹ ጫማ ለብቻው ተደርድሮ «ካለፈ ዘመን ክምችት» የሚል ጽሑፍ ተለጥፎበታል፤ ገዢው ሶሉን ተጭኖ እንዲያይ ሻጯ ራሷ ታሳየዋለች።