ሞተሩ ገብቶ ፋብሪካው ሲዘገይ፦ ፈጠራና ውስብስብነት በዝግመተ ለውጥ ኢኮኖሚክስ



የዛሬው ንግግሬ በአንድ ጥያቄ ዙሪያ ያጠነጥናል። አዲስ ቴክኖሎጂ እጅ ከገባ በኋላ የሚጠበቀው ዕድገት ስለምን ይዘገያል? ጥያቄው ለተመራማሪዎች ብቻ የሚተው አይደለም። አንድ አገር ያላትን ውስን የውጭ ምንዛሬ ለማሽን መግዣ ስታውል፣ ማሽኑ ምርታማነትን ይዞ ይመጣል የሚል እምነት ከውሳኔው ጀርባ አለ። እምነቱ ከተሳሳተ ዕዳው ይቀራል፤ ዕድገቱ ግን አይመጣም። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላሳስብ።

የዝግመተ ለውጥ ኢኮኖሚክስ ሥሩ ረጅም ነው። ቶርስታይን ቬብለን ኢኮኖሚክስ የዝግመተ ለውጥ ሳይንስ ያልሆነው ለምን እንደሆነ በ1898 ባሳተመው ጽሑፍ ጠይቋል። ጆሴፍ ሹምፔተር ደግሞ በ1911 ኢኮኖሚን ከሚዛኑ የሚያናጋው ኃይል ከራሱ ከኢኮኖሚው ውስጥ እንደሚመነጭ አስረዳ። ኃይሉ አዲስ ቅንጅት ነው፦ አዲስ ምርት፣ አዲስ የአመራረት ዘዴ፣ አዲስ ገበያ፣ አዲስ የጥሬ ዕቃ ምንጭ ወይም አዲስ አደረጃጀት። በሹምፔተር ዘንድ ግኝትና ፈጠራ ይለያያሉ። ግኝት ከቤተ ሙከራ ሊወጣ ይችላል፤ ፈጠራ የሚባለው ግን ግኝቱ በኢኮኖሚው ውስጥ ሥራ ላይ ሲውል ነው።

ሪቻርድ ኔልሰንና ሲድኒ ዊንተር በ1982 ባሳተሙት መጽሐፍ ይህን ሐሳብ ወደ ድርጅቱ ውስጥ አስገቡት። እንደ እነርሱ አመለካከት ድርጅት ያሉትን አማራጮች ሁሉ አስልቶ ከሁሉ የሚበልጠውን አይመርጥም። የሚመራው ባካበተው የአሠራር ልማድ ነው። ልማዱ ድርጅቱ የሚያውቀውን ነገር ተሸክሞ ከትናንት ወደ ዛሬ ያሻግራል። ድርጅቶች በልማዳቸው ይለያያሉ፤ ገበያው አንዳንዱን ያሳድጋል፣ አንዳንዱን ያከስማል፤ የተሳካለት ልማድም ይወረሳል፣ ይኮረጃል። ከሥነ ሕይወት ጋር ያለው ተመሳሳይነት እዚህ ላይ ያበቃል። ሰው ያቅዳል፣ ይማራል፣ የሌላውን ያያል፤ ስለዚህ በኢኮኖሚ ውስጥ ለውጥ ሁልጊዜ በጭፍን አይወለድም።

አሁን ወደ አንድ ተጨባጭ ታሪክ እንሂድ። ቶማስ ኤዲሰን በኒው ዮርክ ከተማ በፐርል ጎዳና ያቋቋመው የኤሌክትሪክ ማመንጫ ጣቢያ ሥራ የጀመረው በ1882 ነው። ይሁንና በ1899 የአሜሪካ ፋብሪካዎች ማሽኖቻቸውን ከሚያንቀሳቅሱበት ኃይል ውስጥ የኤሌክትሪክ ሞተር ድርሻ ከ5 በመቶ በታች ነበር። ድርሻው ግማሽ ያህል የደረሰው በ1919 ገደማ ሲሆን፣ በማኑፋክቸሪንግ ምርታማነት ላይ ጎልቶ የታየው ዕድገትም የ1920ዎቹ ነው። የኢኮኖሚ ታሪክ ተመራማሪው ፖል ዴቪድ ይህን ታሪክ በ1990 ያነሣው፣ ኮምፒዩተር በየቢሮው ገብቶ ሳለ በምርታማነት ስታቲስቲክስ ላይ ውጤቱ አለመታየቱ ባለሙያዎችን ግራ ባጋባበት ወቅት ነበር።

መዘግየቱ ከምን መጣ? በእንፋሎት ዘመን ፋብሪካው የሚሠራው ለአንድ ትልቅ ሞተር ነበር። ከሞተሩ የሚወጣው ኃይል በጣሪያው ሥር በተዘረጉ ረጃጅም የብረት ዘንጎችና በቺንጋዎች አማካይነት ወደ እያንዳንዱ ማሽን ይደርሳል። ዘንጉ ሲረዝም ኃይል ስለሚባክን ሕንፃው ፎቅ በፎቅ ይደረደራል፤ ማሽኖቹም በሥራው ቅደም ተከተል ሳይሆን ለዘንጉ በሚያመች ስፍራ ይተከላሉ። ኤሌክትሪክ ሲመጣ ብዙ ባለፋብሪካዎች ያደረጉት የእንፋሎቱን ሞተር አንሥተው በምትኩ አንድ ትልቅ የኤሌክትሪክ ሞተር መትከል ነበር። ዘንጉም፣ ቺንጋውም፣ የማሽኖቹም አቀማመጥ እንደነበረ ቀረ። ጥቅሙም በዚያው ልክ ጥቂት ሆነ።

ትልቁ ለውጥ የመጣው እያንዳንዱ ማሽን የራሱን ሞተር ሲያገኝ ነው። ያን ጊዜ ዘንጉን የሚሸከም ጠንካራ ጣሪያ አላስፈለገም፤ ሰፊና ቀላል ባለ አንድ ፎቅ ሕንፃ መሥራት ተቻለ፤ ማሽኖችም ሥራው በሚፈስበት መሥመር ተደረደሩ። ይህ ግን አዲስ ሕንፃ፣ አዲስ ንድፍ፣ አዲስ መሐንዲስ፣ አዲስ የሥራ ክፍፍልና ርካሽ የኃይል አቅርቦት ይጠይቃል። አሮጌው ፋብሪካም ገና አትርፎ የሚሠራ በመሆኑ ባለቤቱ ሊያፈርሰው አልፈለገም። መዘግየቱን የሰዎች ስንፍና ብቻ አድርጎ ማየት ስሕተት ነው፤ ምክንያቱ የክፍሎቹ መተሳሰር ነው።

ውስብስብነት ስንል የክፍሎችን ብዛት ብቻ ማለታችን አይደለም። የአንዱ ክፍል ጠቀሜታ በሌሎቹ ይዞታ ላይ ሲመሠረት ሥርዓቱ ውስብስብ ይባላል። ኸርበርት ሳይመን በ1962 ይህን በሁለት ሰዓት ሠሪዎች ምሳሌ አብራርቶታል። ሁለቱም የሚሠሩት ሰዓት አንድ ሺህ ያህል ክፍሎች አሉት። አንደኛው ክፍሎቹን በአንድ ወጥ ሂደት ስለሚገጣጥም ሥራው በተቋረጠ ቁጥር ሁሉም ይፈርስበታል። ሁለተኛው አስቀድሞ አሥር አሥሩን በየራሳቸው አያይዞ፣ ከዚያ ያያዛቸውን እርስ በርስ ያገናኛል፤ ሥራው ቢቋረጥ የሚፈርስበት ጥቂቱ ብቻ ነው። በየማሽኑ የተተከለው ሞተርም ፋብሪካውን ከፊተኛው ዓይነት ወደ ሁለተኛው አሸጋግሮታል። ቀድሞ የአንድ ዘንግ መሰበር ከእርሱ ጋር የተያያዙትን ማሽኖች በሙሉ ያስቆም ነበር፤ በኋላ ግን አንዱን ማሽን አቁሞ መጠገን፣ መለወጥ፣ መሞከርም ተቻለ። በከፊል ሊለያይ የሚችል ሥርዓት የፈጠራ ሙከራን ዋጋ ያረክሳል።

የዚሁ መተሳሰር ሌላ ገጽታም አለ። ብራያን አርተር እንዳሳየው፣ ተጠቃሚው በበዛ ቁጥር ጥቅሙ የሚጨምር ቴክኖሎጂ በአጋጣሚ ቀድሞ ከተስፋፋ የተሻለው ተፎካካሪ ቢመጣም ላይነቀል ይችላል። ስለዚህ በገበያ ውስጥ ተመርጦ የቀረ ሁሉ ምርጥ ነው ብሎ መደምደም አይቻልም።

ይህ ትንተና ለአገራችን ምን ይነግረናል? ሴዛር ሂዳልጎና ሪካርዶ ሃውስማን በ2009 ባሳተሙት ጥናት የአንድን አገር ምርታማ አቅም ወደ ውጭ ከምትልካቸው ሸቀጦች ዓይነት ለማንበብ ሞክረዋል። አገሮች በአብዛኛው የሚሸጋገሩት ቀድሞ ባላቸው አቅም ወደሚደርሱበት ምርት ነው። የኢትዮጵያን የአበባ ወጪ ንግድ እንመልከት። ጽጌረዳ ከሆለታ ወይም ከዝዋይ ተነሥታ አውሮፓ እስክትደርስ የደጋው አየር፣ የባንክ ብድር፣ የዝርያ ባለቤቶች ፈቃድ፣ ማቀዝቀዣ ክፍልና የዕቃ አውሮፕላን በአንድነት ያስፈልጓታል። አንዱ ሲጎድል የሌሎቹ ዋጋ ይወርዳል። ከእነዚህ መካከል የአየር ትራንስፖርቱ አቅም ለአበባ ተብሎ አልተገነባም፤ አየር መንገዱ በረራ የጀመረው በ1946፣ የአበባ እርሻ ከመስፋፋቱ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ቀድሞ ነው። ለአንድ ዓላማ የተከማቸ አቅም ለሌላ አዲስ ቅንጅት ግብዓት ሆነ።

እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በሸቀጥ ንግድ ላይ የተመሠረተ መለኪያ አገልግሎትን አያይም። አውሮፕላን የሚጠግኑ ቴክኒሻኖችና አብራሪዎች የሚሰለጥኑባት አገር በዚህ መለኪያ የምትታየው በቡናዋ፣ በሰሊጧና በአበባዋ ነው። በመለኪያው ያልታየ አቅም በፖሊሲም ሊዘነጋ ይችላል፤ አደጋው ይህ ነው።

ስለዚህ አንድ የኢንዱስትሪ ዕቅድ ሲቀርብልን ምን ያህል ማሽን እንደሚገዛ ጠይቀን አናብቃ። ማሽኑ በማን እጅ ይጠገናል? ከየትኛው የአሠራር ልማድ ጋር ይጋጫል? በአንድ ጥግ ሊሞከር ይችላል ወይስ ሁሉን በአንድ ጊዜ መለወጥ ይጠይቃል? ዕቅዱ ባይሳካ ለሌላ ቅንጅት የሚተርፍ ምን አቅም ይቀራል? በተለይ የመጨረሻው ጥያቄ በየአዋጭነት ጥናቱ ውስጥ የራሱ ምዕራፍ ቢኖረው ይገባል እላለሁ። በዚህ ፋኩልቲ ለምርምር ርዕስ ለምትፈልጉ ተማሪዎችም ገና ብዙ ያልታረሰ መስክ ነው።