«ሐላል» የሚለው ተለጣፊ ምን ይነግረናል? የኢንዶኔዥያ ኮስሞቲክስና ተጠቃሚዎቹ



ባለፈው ወር ከጀመዓችን የጥያቄ ሳጥን ውስጥ አንዲት እህት የጻፈችው ወረቀት ወጣ። ፊት የሚያቀላ ክሬም ከገበያ ገዝታለች፤ ክዳኑ ላይ በዐረብኛ «ሐላል» የሚል ተለጣፊ አለበት። ጥያቄዋ አጭር ነው፦ «ተቀብቼው ብሰግድ ሶላቴ ይሆናል ወይ?» ዕቃውን እንድታሳየን ጠየቅናት፤ አመጣችው። ነጭ የፕላስቲክ ብልቃጥ ነው። የአምራቹ ስም የለም፣ የተሠራበት አገር የለም፣ በውስጡ ምን እንዳለ አልተጻፈም። ሻጩ «ስትቀቢ የብር ቀለበትሽን አውልቂ» ብሎ እንደነገራትም ጨምራ አጫወተችን።

የሶላቱን ጉዳይ ኡስታዛችን መልሰውላታል። እኛን ግን ሁለት ነገሮች እንቅልፍ ነሱን። ተለጣፊውን የለጠፈው ማን ነው? ቀለበቱስ ለምን ይወልቃል?

የመጀመሪያውን ጥያቄ ስንከታተል ሄደን ሄደን ኢንዶኔዥያ ደረስን። ብዙዎቻችን ይህችን አገር የምናውቃት ዶርም ውስጥ በምንቀቅለው ኢንዶሚ ነው። ከ270 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ አላት፤ ከ10 ሰው ወደ 9 የሚጠጋው ሙስሊም ነው። የሐላል ሰርተፍኬትን ጉዳይ ከምግብ አልፋ ለሊፕስቲክ፣ ለሻምፑና ለፊት ክሬም በሕግ ደንግጋለች። እዚያ ለመድረስ ግን ከ30 ዓመት በላይ ወስዶባታል። (ዓመቶቹን በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የጻፍነው።)

ነገሩ የተጀመረው በምግብ ነው። በ1988 መጀመሪያ ላይ በማላንግ ከተማ በብራዊጃያ ዩኒቨርሲቲ የምግብ ቴክኖሎጂ መምህር የነበሩት ትሪ ሱሳንቶ፣ በየሱቁ ከሚሸጡት የታሸጉ ምግቦች ውስጥ ብዙዎቹ ከአሳማ ሊመጡ የሚችሉ ግብአቶች እንዳሉባቸው ጻፉ። ጀላቲን፣ ሌሲቲን፣ የተጣራ ስብ የመሳሰሉትን ማለታቸው ነው። የጻፉት በትልቅ ጋዜጣ ላይ አልነበረም፤ «ካኖፒ» በሚባል የተማሪዎች ቡለቲን ላይ ነበር። አዎ፣ አሁን እጃችሁ ላይ እንዳለው ዓይነት ወረቀት። ጽሑፉ ከግቢ ወጥቶ አገሩን አዳረሰው። ከእጅ ወደ እጅ ሲባዛ መምህሩ ያልጻፏቸው ስሞች እየተጨመሩበት ሄዱ፤ የአንዳንድ አምራቾች ሽያጭ ወደቀ፤ ባለሥልጣናትና ዑለማዎች በአደባባይ እየበሉና እየጠጡ ሕዝቡን ለማረጋጋት ሞከሩ። እዚህ ላይ ቆም ብለን የራሳችንን የቴሌግራም ልማድ ብናስታውስ አይከፋም። የመምህሩ ጽሑፍ ሕዝቡን ያነቃውን ያህል፣ የተጨመረበት ወሬ ደግሞ ንጹሑን ከተጠርጣሪው ጋር አብሮ ጎድቷል።

ከዚያ ግርግር በኋላ የኢንዶኔዥያ ዑለማ ምክር ቤት በጃንዋሪ 6 ቀን 1989 አንድ የምርመራ ተቋም አቋቋመ። ከመጀመሪያው ጀምሮ ስሙ ውስጥ «ምግብ፣ መድኃኒትና ኮስሞቲክስ» የሚሉት ሦስቱም ቃላት አሉበት። አሠራሩ ለኛ ለኢንጂነሪንግ ተማሪዎች ደስ ይላል። በሳይንስ የተማሩ መርማሪዎች ፋብሪካው ድረስ ሄደው ግብአቱን፣ የመጣበትን ቦታና የአመራረቱን ሂደት ያጣራሉ፤ ዑለማዎቹ ደግሞ የቀረበላቸውን መረጃ ይዘው ብይን ይሰጣሉ። ኬሚስቱ ፈትዋ አይሰጥም፤ ሙፍቲውም ሳይመረመር አይናገርም።

ክሬም ውስጥ ምን አለና ይህ ሁሉ ድካም? የሎሽናችሁን ጀርባ አንብቡ። ግሊሰሪን ታገኛላችሁ፤ ግሊሰሪን ከአትክልት ዘይትም፣ ከእንስሳ ሞራም ይወጣል፤ በመጨረሻ የሚገኘው ሞለኪውል ግን አንድ ነው። ስቲያሪክ አሲድም እንደዚሁ። ኮላጅን ከዓሣ፣ ከከብት ወይም ከአሳማ ቆዳ ይዘጋጃል። ስለዚህ ብልቃጡን ላብራቶሪ አስገብቶ መመርመር ብቻውን ግሊሰሪኑ ከየት እንደመጣ ላይነግር ይችላል፤ ከአቅራቢው ጀምሮ ሰነዱን ተከትሎ መውረድ ያስፈልጋል። ኢንዶኔዥያ በዓለም አንደኛ የፓልም ዘይት አምራች መሆኗ በዚህ በኩል ጠቅሟታል፤ ግሊሰሪንና ስቲያሪክ አሲድ ከፓልም ይሠራላታል። ሌሎቹን ግብአቶች ግን አብዛኛውን ከውጭ ነው የምታስገባው።

በነገራችን ላይ፣ «ሴቲል አልኮል» ወይም «ስቲያሪል አልኮል» የሚል ጽሑፍ አይታችሁ ዕቃውን የጣላችሁ እህቶች አላችሁ። እነዚህ በክፍል ሙቀት ሰም የሚመስሉ ጠጣር ነገሮች ናቸው፤ አያሰክሩም፤ ከመጠጥ አልኮል ጋር የሚያገናኛቸው የኬሚስትሪ ስያሜ ብቻ ነው። መጠየቅ ያለበት ስቡ ከየት መጣ የሚለው ነው።

የሂደቱ ነገር ምን ያህል እንደሚጠብቅ ያሳየው የ2001 ክስተት ነው። በኢንዶኔዥያ የሚመረት አንድ የታወቀ የምግብ ማጣፈጫ ከገበያ እንዲሰበሰብ ተደረገ። የመጨረሻው ምርት ውስጥ የአሳማ ነገር ተገኝቶ አልነበረም። ማጣፈጫውን የሚሠሩት ባክቴሪያዎች የሚመገቡት ነገር ሲዘጋጅ ከአሳማ የተገኘ ኢንዛይም ጥቅም ላይ በመዋሉ ነበር። የዑለማ ምክር ቤቱ ሐራም ነው አለ፤ የወቅቱ ፕሬዚዳንት አብዱረሕማን ዋሒድ፣ ራሳቸው ዓሊም ናቸው፣ ችግር የለበትም አሉ። ይህ ክርክር ዛሬ ፊት ላይ ለሚቀባው ሴረምም ይመለከታል፤ ሃያሉሮኒክ አሲድ ብዙውን ጊዜ የሚመረተው በባክቴሪያ ነውና።

ስለ ኮስሞቲክስ ለብቻው ምክር ቤቱ በ2013 ቁጥር 26 የሆነውን ፈትዋ አውጥቷል። ወደ ሰውነት የሚገባ ከሆነ ሐራም ወይም ነጃሳ ነገር ሊኖርበት አይገባም ይላል። ላይ ላዩን የሚቀባ ከሆነ ግን ከአሳማ ካልሆነ በስተቀር፣ ከተጠቀሙበት በኋላ በሸሪዓ መንገድ እስከታጠበ ድረስ ይፈቀዳል። አንድ የገረመን ነጥብ አለ፤ ለመዋብ ብቻ የሚሆን ነገር እንደ መድኃኒት የችግር ሩኽሳ የለውም። ይህ የእነሱ ዑለማዎች ብይን ነው፤ የራሳችንን ኡስታዞችና መሻይኾች ጠይቁ፤ ወላሁ አዕለም።

አሁን ወደ ፋብሪካው እንግባ። ኑርሃያቲ ሱባካት በምዕራብ ሱማትራ የተወለዱ ሴት ናቸው። በፓዳንግ ፓንጃንግ በታወቀው የልጃገረዶች መድረሳ ተምረው፣ ከዚያ ባንዱንግ ወዳለው የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ገብተው ፋርማሲ አጠኑ። ከቁርኣን ቤት ወደ መንግሥት ትምህርት ቤት ስንመላለስ ላደግን ለኛ መንገዱ የታወቀ ነው። በአንድ የውጭ የፀጉር ምርቶች ኩባንያ በጥራት ቁጥጥር ከሠሩ በኋላ በ1985 ቤታቸው ውስጥ ሻምፑ መሥራት ጀመሩ፤ ለፀጉር ቤቶች ይሸጡ ነበር። በ1990 ቃጠሎ የሠሩትን በላው። ዕዳ ነበረባቸው፣ ሠራተኛ ነበራቸው፤ እንደገና ጀመሩ። በ1995 «ዋርዳህ» የተባለውን ብራንድ አወጡ። በዐረብኛ ጽጌረዳ ማለት ነው።

በዚያን ጊዜ ገበያው በሁለት ወገን የተያዘ ነበር። በአንድ በኩል ትልልቅ የውጭ ኩባንያዎች፣ በሌላ በኩል ከ1970ዎቹ ጀምሮ የጃቫን ባህላዊ ቅጠላቅጠል ወደ ዘመናዊ ዕቃ የቀየሩት እንደ ማርታ ቲላርና ሙስቲካ ራቱ ያሉ የአገር ውስጥ ስሞች። ዋርዳህ «ሐላል» ብላ ስትመጣ ወዲያው እልል አልተባለላትም። ሒጃብ በከተማ ወጣቶችና በዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ዘንድ እየበዛ ሲሄድ ነው ምርቷ የተነሳው። ዛሬ ድርጅቱ ፓራጎን ይባላል፤ በአገሪቱ ካሉት ትልልቅ የኮስሞቲክስ አምራቾች አንዱ ነው። ለወንዶች «ካህፍ» የሚል ብራንድ በ2020 አውጥቷል። ወንድሞች፣ አትሳቁ፤ የፊት መታጠቢያ ነው። ኑርሃያቲ ደግሞ በ2019 ከተማሩበት ኢንስቲትዩት የክብር ዶክትሬት ተሰጣቸው፤ ከዚያ ተቋም ይህን ክብር ያገኙ የመጀመሪያዋ ሴት ናቸው።

መንግሥት ጉዳዩን በእጁ ያስገባው በ2014 ነው፤ የሐላል ምርት ዋስትና ሕግ ቁጥር 33 ወጣ። እስከዚያ ሰርተፍኬት ማውጣት በአምራቹ ፈቃድ ነበር። በአዲሱ ሕግ ምግብና መጠጥ ከ2019 ጀምሮ ተራው ደረሰ፤ ለኮስሞቲክስ ከ2021 እስከ ኦክቶበር 17 ቀን 2026 ድረስ ጊዜ ተሰጠ። ከሐራም ነገር የተሠራ ዕቃ መሸጥ አልተከለከለም፤ ግን ሐላል አለመሆኑን ላዩ ላይ በግልጽ መጻፍ አለበት። ይህ ለኛ ትክክለኛ አሠራር ይመስለናል፤ የሌላ እምነት ተከታይ የፈለገውን ይገዛል፣ ሙስሊሙም ሳይታለል ይመርጣል።

እንግዲህ የኢንዶኔዥያ እህቶች አርፈው ተቀመጡ? አላረፉም። የሐላል ምርመራ ሊደርስባቸው ያልቻሉ ዕቃዎች በዚያም አገር ሞልተዋል። የአገሪቱ የምግብና መድኃኒት ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት ሜርኩሪ ወይም ሃይድሮኪኖን የተገኘባቸውን ክሬሞች ዝርዝር በየጊዜው ያወጣል። በቅርብ ዓመታት ያስቸገሩት ደግሞ ሰማያዊ ወረቀት የተለጠፈባቸው ብልቃጦች ናቸው። ሰማያዊው ወረቀት ፋርማሲስት በሐኪም ትእዛዝ ለአንድ ሕመምተኛ ብቻ ለሚቀምመው የውጭ ቅባት የታሰበ ነው፤ ነጋዴዎች ግን በጅምላ አሠርተው በኢንተርኔት ይሸጡታል። እንዲህ ያለ ሰው ሰርተፍኬት ፈልጎ ቢሮ አይሄድም። ተለጣፊ ማተም ይቀለዋል።

ሌላው፣ ትንሽ የሚያሳፍረንም ነገር አለ። ሐላል የሆነው ገበያም ቢሆን ከቅላት አልተላቀቀም። ዋርዳህ ራሷ ለዓመታት «ዋይት ሲክሬት» የሚሉ ምርቶችን ሸጣለች። ሜርኩሪ አላቸው ማለታችን በፍጹም አይደለም፤ የተመዘገቡ ምርቶች ናቸው። ግን «ነጭ ሁኚ» የሚለውን ፍላጎት ሰርተፍኬቱ አልነካውም። እኛስ ዘንድ? «ቀይ ናት» ሲባል ማሞገሻ መሆኑን ማን ያጣዋል። ሚሽት ስትታይ፣ ሰርግ ሲደርስ፣ ከዐረብ አገር የሚላከው ክሬም ከሽቶው ቀድሞ ነው የሚጠየቀው። የቢላል ታሪክ በየዳዕዋው ይነገራል፤ ጥያቄ ሳጥናችን ውስጥ ግን «እንዴት ልቅላ» የሚል ወረቀት ነው የምናገኘው።

ወደ ቀለበቱ እንመለስ። የቆዳችንን ቀለም የሚሰጠው ሜላኒን ነው። ሜርኩሪ ሜላኒን እንዲሠራ የሚያደርገውን ኢንዛይም ያግዳል፤ ስለዚህ ፊት በእርግጥ ይቀላል። ሲተዉት ቀለሙ ይመለሳል፤ ደንበኛም እንደገና ይገዛል። ከቆዳ ግን ወደ ደም ያልፋል፤ በተለይ ኩላሊትን ይጎዳል። ይተናል፤ በፎጣና በትራስ ልብስ በኩል አጠገብ ለሚተኛ ሕፃን ይደርሳል። ሜርኩሪ ከብርና ከወርቅ ጋር ይዋሃዳል፤ አማልጋም የምንለው እሱን ነው፤ ቀለበቱን ያበላሸዋል። ለዚህ ነው የዓለም ጤና ድርጅት «ከብር፣ ከወርቅ፣ ከጌጣጌጥ አርቁ» የሚል ማስጠንቀቂያ ያለበትን ክሬም ሜርኩሪ ሊኖርበት እንደሚችል ምልክት አድርጎ የሚጠቅሰው። ሻጩ ለቀለበቷ አዝኖላት ነበር!

ብልቃጥ ላይ «ካሎሜል»፣ «ሜርኩሪክ» ወይም «ሜርኩሪዮ» የሚል ቃል ብታዩ ነገሩ ያው ነው። ሚናማታ በተባለው ዓለም አቀፍ ስምምነት መሠረት ከ2020 በኋላ ከ1 ኪሎ 1 ሚሊግራም በላይ ሜርኩሪ ያለበት የቆዳ ክሬም መመረትም መነገድም የለበትም፤ በ2023 ደግሞ አገሮች እስከ 2025 መጠኑ ምንም ይሁን ምን ሜርኩሪ የተጨመረበትን ኮስሞቲክስ ለማስቀረት ተስማምተዋል። በአገራችንም ኮስሞቲክስን የሚቆጣጠረው የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ነው፤ አዋጁ በኛ አቆጣጠር የ2011 አዋጅ ቁጥር 1112 ነው።

የእህታችን ብልቃጥ ውስጥ ሜርኩሪ ይኑር አይኑር በዓይን አይታወቅም፤ ሽታም የለውም፤ መሣሪያ ይጠይቃል። እሷ ግን መቀባቱን አቁማለች፤ ኩላሊቷን እንድትመረመርም ወደ ግቢው ክሊኒክ አብረናት የምትሄድ እህት አለች። ክሬሙን ቆሻሻ ውስጥ እንዳትጥል ወይም እንዳታቃጥል ነግረናታል። በላስቲክ ተጠቅልሎ፣ ከተለጣፊው ጋር፣ የጽሑፍ ክፍላችን ቁም ሳጥን ውስጥ ተቆልፎበታል።

የፊታችን ኸሚስ ከዐስር ሶላት በኋላ የምትጠቀሙበትን ሎሽን፣ ክሬም፣ ኩልና የጥፍር ቀለም ይዛችሁ ኑ። ማሸጊያውን አትጣሉት፤ የሚነበበው እሱ ነው። ኩል የምትቀቡ ወንድሞችም አትቅሩ፤ አንዳንዱ ኩል እርሳስ የተባለው ብረት አለበት። እህቶች በላይኛው ክፍል፣ ወንድሞች በታችኛው።