የክብር ሽልማትና የዜጎች እኩልነት፦ የሕንድ ፍርድ ቤቶች ተሞክሮ

በሥራቸው የላቁ ዜጎችን በአደባባይ ማክበር በብዙ አገሮች የቆየ ልማድ ነው። ይሁን እንጂ ሽልማት ተሸላሚውን ከሌላው ዜጋ በላይ ያደርገዋልን? ምርጫውስ በምን ሥርዓት ሊከናወን ይገባል? እነዚህ ጥያቄዎች በሕንድ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሰዋል።

የክርክሩ መነሻ

በእንግሊዝ የቅኝ አገዛዝ ዘመን «ሰር»፣ «ራይ ባሃዱር» እና «ካን ባሃዱር» የመሳሰሉ የማዕረግ ስሞች ለታማኞች ይሰጡ ነበር። ይህ አሠራር ዜጎችን በደረጃ የሚከፋፍል ሆኖ ስለተገኘ፣ እ.ኤ.አ. በ1950 የጸናው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 18 መንግሥት የማዕረግ ስም እንዳይሰጥ ከልክሏል። ከክልከላው ውጭ የሆኑት የውትድርናና የትምህርት ማዕረጎች ብቻ ናቸው።

እ.ኤ.አ. በ1954 ግን መንግሥት ብሃራት ራትና (የሕንድ ዕንቁ) እና ፓድማ የተባሉትን ሽልማቶች አቋቋመ። ሽልማቶቹ እ.ኤ.አ. በ1977 በመንግሥት ለውጥ ምክንያት ተቋርጠው በ1980 እንደገና ተጀመሩ። በኋላም አመልካቾች ሽልማቶቹ በሌላ መልክ የመጡ የማዕረግ ስሞች ናቸው፤ ተሸላሚዎችም ከስማቸው ጋር እያያያዙ ይጠቀሙባቸዋል በማለት አቤቱታ አቀረቡ።

የፍርድ ቤቱ ውሳኔ

አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1995 በሰጠው ውሳኔ ሽልማቶቹ ሕገ መንግሥቱን አይጥሱም ብሏል። እንደ ችሎቱ አስተያየት፣ እኩልነት ማለት የላቀ ሥራ ዕውቅና አያገኝም ማለት አይደለም። ሕገ መንግሥቱ ራሱ እያንዳንዱ ዜጋ በየሥራ መስኩ ለላቀ ውጤት እንዲተጋ ግዴታ ያስቀምጣል፤ ትጋቱንም ማመስገን ተገቢ ነው።

ይሁን እንጂ ውሳኔው ገደብ አበጅቷል። ሽልማቱ ከተሸላሚው ስም በፊትም ሆነ በኋላ ሊጻፍ አይችልም፤ ይህን የሚተላለፍ ሰው ሽልማቱን ሊያጣ ይችላል። በተጨማሪም የምርጫው መመሪያ እጅግ ሰፊና ያልተወሰነ በመሆኑ ለአላግባብ አጠቃቀም የተጋለጠ መሆኑን ችሎቱ ነቅፎ፣ መስፈርቱን የሚያጠና ከፍተኛ ኮሚቴ እንዲቋቋም አሳስቧል።

በአንድ ቃል የተነሣ ክርክር

የማስታወቂያው አጻጻፍ ራሱ ክርክር ሊያስነሣ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ1992 መንግሥት ለነጻነት ታጋዩ ለሱብሃስ ቻንድራ ቦስ ብሃራት ራትና «ከሞት በኋላ» የሚሰጥ መሆኑን አስታወቀ። የቦስ አሟሟት ግን ከ1945 ጀምሮ ሲያከራክር የቆየ ስለነበር ጉዳዩ ወደ ፍርድ ቤት አመራ። ሽልማቱም ሳይሰጥ ቀረ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም እ.ኤ.አ. በ1997 መግለጫው እንደተሰረዘ እንዲቆጠር ወስኗል።

ለትምህርት ሥራ ያለው ትርጉም

ምስጉን መምህራንና ተማሪዎች በሚሸለሙበት ትምህርት ቤትም ተመሳሳይ ጥያቄ ይነሣል። ተሸላሚው አንድ ሲሆን ምርጫውን የሚመዝኑት ግን ብዙዎች ናቸው። በመሆኑም መስፈርቱ አስቀድሞ በጽሑፍ ተዘጋጅቶ ለሁሉም ሊገለጽ፣ መራጮቹም ሊታወቁ ይገባል። የሽልማቱ ምክንያትም በግልጽ መነገር አለበት። የተሸላሚው ሥራ ለሁሉም በግልጽ ሲታይ ያልተሸለመው ባልደረባ ለበለጠ ትጋት ይነሣሣል፤ ምክንያቱ ሲሰወር ግን ሽልማቱ ቅሬታን ይወልዳል።