ውሃ በ91 ዲግሪ ሲፈላ፦ የመኪና ማሞቂያና ማቀዝቀዣ በደብረ ታቦር ከፍታ ላይ

ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር የሚጓዝ ሰው ወረታ ላይ ወደ ምሥራቅ ቢታጠፍ የፎገራን የሩዝ ማሳ ከኋላው ትቶ ወደ ደብረ ታቦር መውጣት ይጀምራል። ወረታ ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ፣ ደብረ ታቦር ደግሞ 2,700 ሜትር ገደማ ላይ ይገኛሉ። በመሆኑም መኪናው 40 ኪሎ ሜትር ያህል በሆነ ጉዞ ውስጥ 900 ሜትር ወደ ላይ ይወጣል ማለት ነው። ጉዞውን ሳያቋርጥ ከ4,100 ሜትር በላይ ከፍታ ባለው በጉና ተራራ ግርጌ አልፎ ወደ ነፋስ መውጫ የሚዘልቅ ደግሞ ይበልጥ ይወጣል፤ ይበልጥም ይበርደዋል።

በዚህ መንገድ ላይ ሁለት የተለመዱ ችግሮች ይታያሉ። አንደኛው ዳገቱ መካከል ራዲያተሩ ፈልቶበት የቆመ መኪና ነው። ሁለተኛው ማለዳ ላይ የፊት መስታወቱ በጉም ተሸፍኖበት፣ ማሞቂያው ቀዝቃዛ ንፋስ ብቻ እየሰጠው፣ በጨርቅ እየወለወለ የሚነዳ ሾፌር ነው። ነገሩ ሲታይ ተቃራኒ ይመስላል፤ አንዱ ሙቀት በዝቶበት፣ ሌላው ሙቀት አጥቶ ተቸግሯልና። ይሁን እንጂ የሁለቱም ምክንያት ብዙ ጊዜ የሚገኘው በአንድ የውሃ ዑደት ውስጥ ነው። በዚህ ጽሑፍ ዑደቱ እንዴት እንደሚሠራ፣ ከፍታ ምን እንደሚለውጥበትና ሲበላሽ በምን ቅደም ተከተል መመርመር እንዳለበት እንመለከታለን።

አንድ ውሃ፣ ሁለት ተግባር

በሞተር ውስጥ ከሚቃጠለው ነዳጅ ኃይል ጎማውን ወደ ማዞር የሚለወጠው ከግማሽ በታች ነው። ቀሪው ሙቀት ሆኖ በጭስ ማውጫውና በማቀዝቀዣው ውሃ በኩል ይወጣል። ውሃው በፓምፕ እየተገፋ በሞተሩ ውስጥ ይዞራል፤ ሙቀቱንም ተሸክሞ ወደ ራዲያተሩ ይሄዳል፤ በዚያም ለአየሩ ያስረክባል።

በሞተሩና በራዲያተሩ መካከል እንደ በር ጠባቂ የሚያገለግለው ቴርሞስታት ነው። በውስጡ ሰም አለ። ሰሙ ሲሞቅ ቀልጦ ይለጠጣል፤ በሩንም ገፍቶ ይከፍታል። ብዙዎቹ በ82 ዲግሪ ሴልሺየስ አካባቢ መከፈት ጀምረው በ95 ዲግሪ አካባቢ ሙሉ በሙሉ ይከፈታሉ፤ በ88 ዲግሪ መከፈት የሚጀምሩም አሉ። ሞተሩ ቀዝቃዛ ሳለ በሩ ዝግ ስለሚሆን ውሃው በሞተሩ ውስጥ ብቻ እየዞረ ቶሎ ይሞቃል።

ተሳፋሪውን የሚያሞቀው ሙቀት የሚመጣውም ከዚሁ ውሃ ነው። ከዳሽቦርዱ ሥር የተደበቀ ትንሽ ራዲያተር አለ። ትኩሱ ውሃ በሁለት የጎማ ቱቦዎች ወደ እርሱ ይገባል፣ ይወጣል። ንፋስ ማውጫው አየር ወደ እርሱ ይነፋል። የሙቀት መቆጣጠሪያው ማንሻ ደግሞ በአብዛኛው የሚያንቀሳቅሰው አንድ ክዳን ሲሆን፣ ምን ያህሉ አየር በትንሹ ራዲያተር በኩል፣ ምን ያህሉ ከጎኑ እንዲያልፍ ይወስናል።

ከፍታ ምን ይለውጣል?

ውሃ የሚፈላው የተኑ ግፊት ከከባቢው አየር ግፊት ጋር እኩል ሲሆን ነው። ወደ ላይ በወጣን ቁጥር ከበላያችን ያለው አየር ስለሚያንስ ግፊቱ ይቀንሳል፤ ውሃም ቀድሞ ይፈላል። በባሕር ወለል ላይ 101 ኪሎ ፓስካል የሆነው ግፊት በደብረ ታቦር ከፍታ 73 ኪሎ ፓስካል ገደማ ነው። ስለዚህ ክፍት ድስት ውስጥ ያለ ውሃ ወረታ ላይ በ94፣ ደብረ ታቦር ላይ በ91፣ ጉና ጫፍ ላይ ደግሞ በ86 ዲግሪ ገደማ ይፈላል።

እንግዲህ ይህን ከቴርሞስታቱ ቁጥር ጋር እናነጻጽር። ሞተሩ በጤናው ጊዜ የሚሠራው ከ82 እስከ 95 ዲግሪ ባለው ክልል ውስጥ ነው። ደብረ ታቦር ላይ ግን ክፍት ውሃ በ91 ዲግሪ ይፈላል። ምንም ያልተበላሸ ሞተር ውሃውን ሊያፈላ ይችላል ማለት ነው!

ከዚህ የሚያድነው የራዲያተሩ ክዳን ነው። ክዳኑ በስፕሪንግ የተያዘ ቫልቭ ስላለው ውሃውን ከውጭው አየር በላይ 90 ኪሎ ፓስካል ገደማ በሆነ ግፊት ውስጥ ያቆየዋል። በባሕር ወለል ላይ የሁለቱ ድምር 191 ኪሎ ፓስካል ስለሚሆን ውሃው እስከ 119 ዲግሪ ገደማ አይፈላም። በደብረ ታቦር ድምሩ 163 ኪሎ ፓስካል፣ የመፍላት ነጥቡም 114 ዲግሪ ገደማ ይሆናል። ክዳኑ ጤነኛ ከሆነ በቂ ልዩነት አለ። የክዳኑ ጎማ ደርቆ ተሰንጥቆ ከሆነ ግን ልዩነቱ በሙሉ ይጠፋል። በቆላ ሲሠራ ችግሩን ያላሳየ መኪና ደጋ ላይ ሲደርስ የሚፈላበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ሾፌሩ ሞተሩን ይጠረጥራል፤ ጥፋቱ ግን በመዳፍ ውስጥ በሚገባ ክዳን ላይ ሊሆን ይችላል።

በተጨማሪም በዚህ ከፍታ የአየሩ እፍጋት በባሕር ወለል ካለው ሦስት አራተኛ ያህል ብቻ ነው። የራዲያተሩ ፋን በደቂቃ የሚስበው የአየር ይዘት ባይቀንስም፣ ሙቀቱን ተሸክሞ የሚሄደው የአየር ክብደት ይቀንሳል። ሙሉ ጭነት ይዞ በዝቅተኛ ማርሽ ዳገት የሚወጣ መኪና ላይ ይህ ጉልህ ነው።

የድስቱ ፈተና

ቴርሞስታት ሲጠረጠር የሚደረገው የታወቀ ፈተና ቀላል ነው። ፈትተው ያወጡታል፤ በክር አንጠልጥለው ውሃ ባለበት ድስት ውስጥ ይሰቅሉታል፤ ውሃውንም ያፈሉታል። ከተከፈተ ጤነኛ ነው፤ ካልተከፈተ ይጣላል። ይህ ፈተና በባሕር ወለል ላይ አስተማማኝ ነው። በደብረ ታቦር ግን ያሳስታል። ድስቱ የቱንም ያህል ቢንተከተክ ከ91 ዲግሪ አያልፍም። በ88 ዲግሪ መከፈት የሚጀምር ጤነኛ ቴርሞስታት በዚህ ውሃ ውስጥ ጥቂት ብቻ ከፈት ይላል፤ ነፋስ መውጫ ላይ ደግሞ ዝግ ሊመስል ይችላል። በ82 የሚጀምረውም ቢሆን ሙሉ በሙሉ ሲከፈት አይታይም። ስለዚህ ፈታኙ ቴርሞሜትር ማስገባት፣ በቴርሞስታቱ ላይ የተቀረጸውን ቁጥር ማንበብና «ተከፈተ ወይ?» ከማለት ይልቅ «በስንት ዲግሪ መከፈት ጀመረ?» ብሎ መጠየቅ ይኖርበታል። ተማሪዎች ይህን ሙከራ ወረታና ደብረ ታቦር ላይ አድርገው ውጤቱን ቢያወዳድሩት ከመጽሐፍ ገጽ የበለጠ ያስተምራቸዋል።

በፈተናው ወድቋል የተባለ ቴርሞስታት አንዳንድ ጊዜ ሌላ ሳይተካለት ይቀራል። «ያለ እርሱ ይሻላል፤ አያፈላም» ይባላል። በቆላ ሙቀት ይህ የተሳካ ጥገና ይመስላል። በደጋ ብርድ ግን ውሃው ገና ሳይሞቅ ወደ ራዲያተሩ ስለሚፈስ ሞተሩ ተገቢውን ሙቀት አያገኝም፤ ነዳጅ ይበላል፤ ቶሎም ያረጃል። ማሞቂያውም ለብ ያለ ንፋስ ብቻ ይሰጣል።

በሁለት ጥያቄ አራት መንገድ

ማሞቂያ አልሠራ ሲል ዕቃ መፍታት የመጨረሻው እርምጃ ነው። መጀመሪያ ሁለት ጥያቄዎች ይጠየቃሉ፦ ንፋስ አለ? ሙቀት አለ?

ንፋሱ ኖሮ ሙቀቱ ከሌለ የሞተሩን የሙቀት አመልካች መመልከት ይገባል። ቀስቱ ከረጅም ጉዞ በኋላም ዝቅ ብሎ ከቀረ ቴርሞስታቱ ክፍት እንደሆነ ተጣብቋል ወይም ከነጭራሹ የለም። ቀስቱ ከፍ ብሎ ሳለ ማሞቂያው ከቀዘቀዘ ግን አደጋ ነው። ውሃው ጎድሎ አየር ገብቷል ማለት ሊሆን ስለሚችል ወዲያውኑ ቆሞ ሞተሩን ማጥፋት ያስፈልጋል። ቀስቱ በመደበኛ ቦታው ከሆነ ደግሞ ወደ ትንሹ ራዲያተር የሚሄዱትን ሁለት ቱቦዎች በጥንቃቄ መዳሰስ ነው። ሁለቱም ትኩስ ከሆኑ ውሃው እየደረሰ ነውና ጥፋቱ በአየር ክዳኑ ወይም በሚስበው ሽቦ ላይ ነው። አንዱ ትኩስ፣ ሌላው ቀዝቃዛ ከሆነ መንገዱ ተዘግቷል። ለዓመታት ተራ ውሃ ብቻ የተሞላ ሞተር ዝገቱ ቀጫጭኖቹን ቧንቧዎች ይደፍናል። ለዚህም ነው ዝገትንም ውርጭንም የሚከላከል የራዲያተር ፈሳሽ በደጋ ይበልጥ የሚመከረው።

ንፋሱ ራሱ ከሌለ ጉዳዩ የኤሌክትሪክ ነው፤ ፍተሻውም ከፊውዝ ይጀምራል። አንድ የተለመደ ምልክት ግን ልዩ ትኩረት ይሻል፦ ንፋስ ማውጫው በ1፣ በ2 እና በ3 አይሠራም፤ በ4 ግን በሙሉ ኃይሉ ይነፋል። ምክንያቱን ለመረዳት የኦምን ሕግ ማስታወስ ይበቃል። ሞተሩን በግምት የ1 ኦም ተቃውሞ አለው እንበል። 12 ቮልት ሲሰጠው 12 አምፔር ያልፍበታል። ፍጥነቱን ለመቀነስ ሌላ 1 ኦም በተከታታይ ሲገባበት ፍሰቱ 6 አምፔር ይሆናል። የገባው ሪዚስተርም 36 ዋት ሙቀት ያመነጫል። ይህን የሚያቀዘቅዘው ራሱ ንፋስ ማውጫው የሚነፋው አየር ስለሆነ የአየር መንገዱ በአቧራ ሲታፈን ሪዚስተሩ ይቃጠላል። በመጨረሻው ፍጥነት ላይ ፍሰቱ ሪዚስተሩን ሳይነካ በቀጥታ ስለሚያልፍ እርሱ ብቻ ይተርፋል። እንግዲህ ምልክቱን ያነበበ ሰው ሞተሩን አይለውጥም። የሚለውጠው ሪዚስተሩን ነው፤ የታፈነውንም መንገድ ያጸዳል።

በብርድ ማቀዝቀዣ ለምን ይከፈታል?

በተሳፋሪ የተሞላ ሚኒባስ ውስጥ ከትንፋሽ ብዙ ተን ይወጣል። የፊት መስታወቱ ከጤዛ ነጥብ በታች ሲቀዘቅዝ ተኑ በመስታወቱ ላይ ይጠራቀማል። መስኮት ሁሉ ተዘግቶ የውስጡ አየር ብቻ እንዲዞር ሲደረግ ይብሳል። መፍትሔው የውጭ አየር ማስገባትና መስታወቱን ማሞቅ ነው። ማቀዝቀዣ ያለው መኪና ከሆነ ከማሞቂያው ጋር አብሮ ቢከፈት ይረዳል፤ ማቀዝቀዣው የአየሩን ተን በቀዝቃዛ ቧንቧው ላይ አንጠባጥቦ ያስቀራል፤ ማሞቂያው ደግሞ የደረቀውን አየር አሙቆ ወደ መስታወቱ ይልካል። የማቀዝቀዣው ኮምፕረሰር በኃይለኛ ብርድ አልነሳ ቢል ሁልጊዜ ብልሽት አይደለም። ብዙ መኪኖች ቧንቧው በረዶ እንዳይሠራ በዜሮ ዲግሪ አካባቢ የሚያቋርጥ ማብሪያ ማጥፊያ አላቸው።

መኝታና ምድጃ ያላቸው የአስጎብኝና የረጅም ጉዞ መኪኖች ለብቻው የሚሠራ የጋዝ ማሞቂያ ሊኖራቸው ይችላል። በብዙዎቹ ውስጥ ሥራው ሰንሰለት ነው፦ ቴርሞስታቱ ያዛል፤ ፋኑ ይነሳል፤ የአየሩ ግፊት አንዲት ማብሪያ ይነካል፤ ከዚያ ብቻ ጋዙ ይለቀቃል። ባትሪው ከደከመ ፋኑ ቀስ ይላል፤ በሳሳ አየር ውስጥ ደግሞ ግፊቱ ይበልጥ ያንሳል፤ ጋዙም አይለቀቅም። ሰው ሲሊንደሩን ይለውጣል፤ ጥፋተኛው ግን ባትሪው ነው።

ሕይወትን የሚያስከፍሉ ሁለት ስሕተቶች

የመጀመሪያው የጋለ ራዲያተር ክዳን መክፈት ነው። 105 ዲግሪ የደረሰ ውሃ ክዳኑ ሲከፈት በአንድ ጊዜ ወደ መፍላት ነጥቡ ይወርዳል፤ ትርፉ ሙቀትም ወደ ተንነት ይለውጠዋል። ስሌቱ እንደሚያሳየው ከአንድ ሊትር ውሃ በባሕር ወለል 15 ሊትር ገደማ፣ በደብረ ታቦር ግን 60 ሊትር ገደማ ተን ይወጣል። አራት እጥፍ ነው! ሞተሩ ጠፍቶ እስኪቀዘቅዝ ድረስ መታገሥ ፊትንና ዓይንን ያድናል።

ሁለተኛው ማሞቂያው ሲበላሽ የከሰል ምድጃ መኪና ውስጥ አስገብቶ ወይም በቆመ መኪና ሞተሩን እንዳስነሱ ዘግቶ መተኛት ነው። ከከሰልም ሆነ ከጭስ የሚወጣው ካርቦን ሞኖክሳይድ ቀለምም ሽታም የለውም። ከደማችን ሄሞግሎቢን ጋር ከኦክስጅን ይልቅ ከ200 እጥፍ በላይ በሚበልጥ ኃይል ይጣበቃል። ኦክስጅኑ አስቀድሞ በሳሳበት ደጋ ላይ አደጋው ይከፋል። ራስ ምታትና ማቅለሽለሽ ሲሰማ በር ከፍቶ መውጣት ይገባል፤ የተኛ ሰው ግን ላይሰማው ይችላል። ብርዱን በብርድ ልብስ ማሳለፍ ይሻላል።

ለማጠቃለል፣ ከላይ ያየናቸው ብልሽቶች አብዛኞቹ ውድ ዕቃ የሚያስለውጡ አይደሉም፤ ክዳን፣ ሪዚስተር፣ ቴርሞስታት፣ የላላ ሽቦ ናቸው። ውድ የሚያደርጋቸው በግምት የሚደረግ ጥገና ነው። ከቀላሉ መጀመር፣ በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ መለወጥ፣ ውጤቱንም መመዝገብ በቤተ ሙከራ የምንማረው ሥርዓት ነው፤ በደብረ ታቦር ዳገት ላይም ያው ሥርዓት ይሠራል። የሚጨመርበት አንድ ነገር ቢኖር መለኪያውን ከማመን በፊት ቆመን የምንለካበት ቦታ ስንት ሜትር ከፍታ ላይ እንደሆነ ማስታወስ ነው።