«ሠራተኛ» ያልተባለው ወዛደር

የሠራተኛ ማኅበር በየትም አገር ከካፒታሊዝም ጋር አብሮ የተወለደ የትግል መሣሪያ ነው። በደቡብ አፍሪካ ግን የጥቁሩ ወዛደር ማኅበር የተነሣው የቆዳን ቀለም የምርት ሕግ ካደረገ ሥርዓት ጋር ተፋጥጦ ስለ ነበር መልኩም ጠባዩም ከሌሎች ተለየ። ለዚህ ልዩነት የዘረኞችን ክፋት ብቻ ተጠያቂ ማድረግ የተለመደ ነው። እኛ ግን ነገሩን ከሥሩ፣ ማለትም ከማዕድኑ ጉድጓድ እንጀምራለን።

የዊትዋተርስራንድ ወርቅ እ.ኤ.አ. በ1886 ሲገኝ ክምችቱ ብዙ፣ ነገር ግን በጥልቅ አለት ውስጥ በስሱ የተበተነ ነበር። የወርቅ ዋጋ በዓለም ገበያ የተወሰነ በመሆኑ ከበርቴው ትርፉን የሚያሰፋው የጉልበትን ዋጋ ዝቅ በማድረግ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1913 የወጣው የመሬት ሕግ ለጥቁሩ ሕዝብ የተወለት ከአገሪቱ መሬት 7 በመቶ ገደማውን ብቻ ነበር። ከማሳው የተነቀለው ጎልማሳ በኮንትራት ይቀጠራል፤ ሚስቱንና ልጆቹን ትቶ «ኮምፓውንድ» በሚባል የታጠረ ሰፈር ይታጎራል፤ የይለፍ ወረቀት ሳይዝ አይንቀሳቀስም፤ ኮንትራቱን አፍርሶ ሥራ ቢያቆም ወንጀለኛ ነው። ቤተሰቡ በገጠር አርሶ ይኖራል ስለሚባል ደመወዙ የሚሰላው ለአንድ ብቸኛ ሰው ሆድ ነው። የጥቁር ወርቅ ቆፋሪ ደመወዝ የመግዛት ኀይል እ.ኤ.አ. በ1969 እንኳ በ1911 ከነበረው አልበለጠም።

ነጩ ሠራተኛስ? እ.ኤ.አ. በ1922 ባለማዕድኖቹ ውዱን ነጭ በርካሹ ጥቁር ለመተካት በተነሡ ጊዜ ነጮቹ ሥራ አቁመው በመጨረሻ ጦር መሣሪያ አነሡ። የስመትስ መንግሥት በመድፍና በአውሮፕላን ደመሰሳቸው። ዐመፀኞቹ በከበርቴው ላይ እንደ ተነሡ ሁሉ በጥቁሩ ወዛደር ላይም ተነሥተው ስለ ነበር እነርሱን በጥቅም መልሶ ማባበል አስቸጋሪ አልሆነም። ከሁለት ዓመት በኋላ የወጣው የኢንዱስትሪ ዕርቅ ሕግ ለነጮቹ ማኅበራት የመደራደሪያ መድረክ አበጀ፤ የይለፍ ወረቀት ተሸካሚውን ጥቁር ግን «ሠራተኛ» ከሚለው ቃል ትርጓሜ አስወጣው። ወርቁን ከመሬት ሆድ የሚያወጣው ሰው በሕግ ዓይን ሠራተኛ አይደለም! ከዚህ የበለጠ የቃላት ጥበብ ከየት ይገኛል?

የሕግ ከለላ የሌለው ማኅበር መጠለያው ብዛቱ ብቻ ነው። የኒያሳላንድ ተወላጁ ክሌመንትስ ካዳሊ እ.ኤ.አ. በ1919 በኬፕ ታውን ያቋቋመው ማኅበር የወደብ ሠራተኛውንና የገጠር ጭሰኛውን በአንድ ጥላ ሥር ቢያሰባስብም፣ ድርጅታዊ መሠረቱ ሳይጸና ዐሥር ዓመት በማይሞላ ጊዜ ተከፋፈለ። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1946 በጄ. ቢ. ማርክስ የሚመራው (ሞክሼነቱ ለባለማዕድኖቹ ሳያስደነግጣቸው አልቀረም) የአፍሪካውያን የማዕድን ሠራተኞች ማኅበር በቀን 10 ሽልንግ እንዲከፈል ጠየቀ። ከ60,000 የማያንሱ ቆፋሪዎች ሥራ አቆሙ። ፖሊስ ቢያንስ ዘጠኙን ገደለ፤ የቀሩትን በዱላ እየነዳ ወደ ጉድጓዱ መለሳቸው።

ይሁን እንጂ ሠራተኛውን ከሕግ ውጭ ያደረገው ሥርዓት ራሱ የማይቆጣጠረውን የትግል ስልት አስተማረው። እ.ኤ.አ. በጥር 1973 በደርባን የጡብ ፋብሪካ የተጀመረው አድማ በሦስት ወር ውስጥ ከ60,000 በላይ ሰው አሳተፈ። በኳስ ሜዳ የተሰበሰቡት የጡብ ሠራተኞች ተወካይ ምረጡ ቢባሉ እምቢ አሉ። የተመረጠው ሰው በማግስቱ እንደሚባረር ያውቁ ነበርና። መልሳቸውን በአንድ ድምፅ፣ ሁሉም በአንድ ጊዜ ሰጡ።

መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1979 የጥቁሮችን ማኅበራት መዝግቦ በእጁ ለማስገባት ሕጉን አሻሻለ። ተመዝግቦ በሕጉ መገልገል ይሻላል ወይስ ከውጭ መቆየት? በማኅበራቱ መካከል ከባድ ክርክር ተነሣ። እንደ እኛ አመለካከት ክርክሩን የቋጨው ሥራው ነው። እ.ኤ.አ. በ1982 የተቋቋመው ብሔራዊ የማዕድን ሠራተኞች ማኅበር በተገኘው ቀዳዳ ገብቶ አባላቱን በዚያው በኮምፓውንዱ ውስጥ መለመለ። ሰውን ከሰው ለመለየት የታጠረው ግቢ ከሌሶቶና ከሞዛምቢክ የመጣውን ሁሉ በአንድ ምሽት የሚያሰባስብ አዳራሽ ሆነ። እ.ኤ.አ. በ1985 ታላቁ ኅብረት ኮሳቱ ተመሠረተ። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1987 የማዕድን ሠራተኞቹ ለሦስት ሳምንት ሥራ ሲያቆሙ ኩባንያዎቹ ወደ 50,000 የሚጠጉትን አባረሩ፤ ማኅበሩ ግን አልፈረሰም።

የዘር መድልዎው ሕግ ተሽሮ እ.ኤ.አ. በ1994 የመጀመሪያው የሁሉም ዜጋ ምርጫ ተካሄደ። የጉልበቱ ስሌትስ አብሮ ተሻረን? እ.ኤ.አ. ነሐሴ 16 ቀን 2012 በማሪካና የፕላቲነም ማዕድን ፖሊስ 34 አድመኞችን በጥይት ገደለ። ብዙዎቹ አድመኞች ቤተሰባቸውን በሩቅ ገጠር ትተው በማዕድኑ ዙሪያ በቆርቆሮ ጎጆ የሚኖሩ ነበሩ። የድሮው ማኅበራቸው አይወክለንም ብለው የራሳቸውን ኮሚቴ መርጠው ነበር። የዚያ ማኅበር የመጀመሪያው ዋና ጸሐፊ ሲሪል ራማፎዛ በዚያን ጊዜ የኩባንያው የዲሬክተሮች ቦርድ አባል ነበሩ። አለት ቦርቧሪዎቹ የጠየቁት በወር 12,500 ራንድ ነበር።