ስለ ፊከስ ቦንሳይ የሚነገረውና እውነታው

«ቦንሳይ ድንክ የሆነ የዛፍ ዘር ነው» ይባላል፤ የቀሩት ስህተቶች በሙሉ የሚወለዱት ከዚህ ነው። እንዲህ ያለ ዘር የለም። ለቤት ውስጥ በብዛት የሚሸጠው ፊከስ ማይክሮካርፓ በትውልድ አገሩ በእስያ ሜዳ ላይ ሲበቅል ሰፊ ጥላ የሚጥል ትልቅ ዛፍ ነው። ዋርካና ሾላም የዚያው የፊከስ ወገን ናቸው። ቦንሳዩ ትንሽ ሆኖ የሚኖረው ቅርንጫፉና ሥሩ በየጊዜው ስለሚከረከም ነው፤ ብርሃን፣ ውሃና ምግብ መፈለጉ ግን እንደማንኛውም ዛፍ ነው።

ስለዚህ «እንዳያድግ ማዳበሪያ አይሰጠውም» ማለት ዛፉን ማስራብ ነው። እፍኝ በምታህል አፈር ውስጥ ያለው ምግብ ውሃ በጠጣ ቁጥር ታጥቦ ይወጣል። አዲስ ቅጠል በሚያወጣበት ወቅት በየሁለት ሳምንቱ የቀጠነ ፈሳሽ ማዳበሪያ ይስጡት።

በእኔ እምነት ብዙ ፊከስ የፈጀው «በሳምንት ሁለቴ አጠጡት» የሚለው ምክር ነው። ሥር ይተነፍሳል። አፈሩ ያለ ፋታ ሲረጥብ በቅንጣቶቹ መካከል የነበረውን አየር ውሃ ይተካውና ሥሩ ታፍኖ ይበሰብሳል። የበሰበሰ ሥር ውሃ መሳብ ስለማይችል ቅጠሉ ቢጫ ሆኖ ይጠወልጋል። ባለቤቱ ደግሞ የጠማው መስሎት ሌላ ውሃ ይጨምርበታል። በፀሐያማ ቀናት ቶሎ ቶሎ የሚጠጣ ዛፍ በክረምት ሳምንት ሊቆይ ይችላል። ስቴኪኒ ወስደው ሁለት ሴንቲ ሜትር ያህል አፈሩ ውስጥ ይሰኩና አሥር ደቂቃ ይተዉት። ጠቁሮና ርሶ ከወጣ ይታገሡ፤ ሊደርቅ የተቃረበ ከሆነ ውሃው ከታች ባሉት ቀዳዳዎች እስኪፈስ ድረስ ያጠጡ፤ ሰሃኑ ላይ የተጠራቀመውን ይድፉ። ከላይ ጠጠር ተለጥፎበት ከተሸጠልዎ መጀመሪያ ጠጠሩን ያንሱ፤ ውሃ በደንብ አያሳልፍም፣ አፈሩንም አያሳይም።

የጓሮ አፈር ብቻውን ሲረጥብ ይጣበቃል። ውጭ አገር የቦንሳይ ባለሙያዎች በከረጢት የሚገዙት የእሳተ ገሞራ ጠጠር እኛ ዘንድ ለግንባታ የሚጫነው ቀይ አሽ ዓይነት ነው። ከምስር እስከ ሽንብራ የሚያክለውን በወንፊት ለይተው፣ አቧራውን አጥበው ከጥቂት ብስባሽ ጋር ቢቀላቅሉት ውሃም አየርም ያሳልፋል።

«የቤት ውስጥ ተክል ስለሆነ ጥላ ይበቃዋል» የሚሉም አሉ። ፊከስ ቤት የሚገባው ብርድ ስለማይችል ነው። ዓይናችን ድንግዝግዝን ቶሎ ስለሚለምድ ከመስኮት ሁለት ሜትር የራቀ ቦታ ብሩህ ይመስለናል፤ እዚያ የሚደርሰው ብርሃን ግን መስኮቱ ጋ ካለው እጅግ ያነሰ ነው። ቦታው መስኮት ጥግ ነው። ሌሊቱ ከ10 ዲግሪ በታች በሚወርድባቸው በኅዳርና በታኅሣሥ በረንዳ ላይ አያሳድሩት።

ቅጠሉ ረገፈ ተብሎ ስንቱ ተጥሏል! ፊከስ ቦታ ሲለወጥበት ቅጠል ያረግፋል፤ ከሱቅ ወደ ቤት መምጣቱ ራሱ በቂ ምክንያት ነው። ቅርንጫፉን በጥፍርዎ ጫር ያድርጉት፤ ከቅርፊቱ ሥር አረንጓዴ ከታየ ሕይወት አለው። ከዚያ በኋላ ቦታውን አይቀያይሩበት፤ ውሃውንም ይቀንሱለት፤ ቅጠል የሌለው ዛፍ የሚጠጣው ጥቂት ነው።

ቅጠል ላይ ውሃ መርጨት አየሩን የሚያረጥበው ለደቂቃዎች ብቻ ነው። በአሜሪካና በአውሮፓ በበረዶው ወራት ማሞቂያ የቤቱን አየር ስለሚያደርቀው፣ እዚያ ያሉ ወገኖቻችን የአየር ማርጠቢያ መሣሪያ ቢጠቀሙ ይሻላል።

ሲከረከም የሚወጣው ነጭ ወተትም ሰው ያስደነግጣል። ዛፉ ቁስሉን የሚዘጋው በእሱ ነው። ቆዳ ሊያሳክክ፣ ድመትና ውሻ ቅጠሉን ቢያኝኩት ሊያማቸው ስለሚችል ግን ጥንቃቄ ያሻል። ቀንበጡ ስድስት ወይም ስምንት ቅጠል ሲያወጣ ሁለት ወይም ሦስት ቅጠል አስቀርተው ይቁረጡ፤ ከዚያ እጅዎንም መቀሱንም በሳሙና ይጠቡ።