የተረፈ ጫማ ቡርቃ ጃቶ ሲደርስ

በነቀምቴ ከተማ ቡርቃ ጃቶ በሚባለው ሠፈር፣ ክረምቱ በበረታበት አንድ ከሰዓት በኋላ፣ ዝናብ እስኪያባራልን ከአንዲት ጠባብ የጫማ ሱቅ በረንዳ ተጠግተን ነበር። ቡርቃ ማለት በኦሮምኛ ምንጭ ማለት ነው። በዚያ ሰሞን ግን ምንጩ ከምድር ብቻ ሳይሆን ከሰማይም ይፈልቅ ስለ ነበር፣ መንገዱ ሁሉ ቀይ ጭቃ ሆኖ፣ ሰው እግሩን ባነሣ ቁጥር ጫማውን ከጭቃው እየነቀለ ነበር የሚራመደው። የቀድሞ ሰዎች ለቀምት የሚሏት ይህች ከተማ በዓመት ወደ 2000 ሚሊ ሜትር የሚጠጋ ዝናብ ትቀበላለችና ይህ ለነዋሪዎቿ እንግዳ ነገር አይደለም።

ከገጠር የመጡ አንድ ሽማግሌ ጃንጥላቸውን አጥፈው ገቡና ከመደርደሪያው አንዱን ጫማ አንሥተው ሶሉን በአውራ ጣታቸው ተጫኑት። ቀጥለውም «አዴ፣ ይህ ጫማ ክረምቱን ያወጣኛል?» ሲሉ የሱቁን ባለቤት ጠየቋቸው። ዋጋውን ገና አልጠየቁም። ባለሱቋም «ኦቦ፣ የያዙት ያወጣዎታል፤ ከዚያ ካርቶን ካለው ግን እኔም አልሸጥልዎትም» ብለው መለሱ። በማዕዘን የተቀመጠውን ካርቶን ሲያመለክቱ ፊታቸው ላይ ያየነው ቅሬታ ነገሩን እንድንጠይቅ አደረገን።

ነገሩ እንዲህ ነው። ስማቸውን እንዳንጽፍ የለመኑን እኚህ ሴት ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ የጅምላ ነጋዴ «ከውጭ አገር የተረፈ፣ ያልተለበሰ፣ ተፈጥሮንም የማይጎዳ ጫማ» ብሎ በትልቅ ቅናሽ ያቀረበላቸውን ዕቃ ገዙ። ዕቃው በርግጥም አዲስ ነበር። ሳጥኑ አልተከፈተም፣ ወረቀቱም አልተነሣም። ሦስት ወር ሳይሞላ ግን አንድ አስተማሪ ጫማውን በአንድ እጃቸው፣ ሶሉን በሌላው እጃቸው ይዘው መጡ። ከዚያ ወዲያ የመጣው ሰው ብዙ ነበር። ባለሱቋ ለሁሉም ገንዘቡን መለሱ፤ የተረፈውንም ካርቶን ዘግተው አኖሩት። «ደንበኛ ከሄደ አይመለስም፤ ገንዘብ ግን ቀስ ብሎ ይመለሳል» አሉን። እኛ በነበርንበት ሰሞን ደግሞ ሌላ ወኪል ከአዲስ አበባ ተመሳሳይ ጥሪ ይዞ መጥቶ መልሳቸውን ይጠባበቅ ነበር።

ይህን የመሰለ ጥሪ በየከተማው ለሚገኝ ቸርቻሪ የሚደርስበት ምክንያት አለው። ጫማ ከልብስ ይልቅ ለመተረፍ የተመቸ ዕቃ ነው። አንድ ሸሚዝ በአራትና በአምስት ልክ ሲበቃ፣ አንድ ዓይነት ጫማ ከአሥር በማያንስ ቁጥር ይሠራል። መካከለኛው ቁጥር ተሽጦ ሲያልቅ ዳርና ዳሩ ይቀራል። መልኩ ሲለወጥ፣ ትእዛዝ ሲሰረዝ፣ ወቅቱ ሲያልፍ ደግሞ የሚቀረው ይበዛል። ተፈጥሮን አይጎዱም የሚባሉት ጫማዎችም ከዚህ አላመለጡም። እ.ኤ.አ. በ2016 ከበግ ጠጉር የተሠራ ጫማ ይዞ የተነሣው የአሜሪካው ኦልበርድስ በ2021 አክሲዮኑን ለሕዝብ ከሸጠ በኋላ፣ ገበያው ሲቀዘቅዝበት የተከማቸበትን ጫማ በቅናሽ ለማራገፍ ተገድዷል። የአውሮፓ ኅብረትም እ.ኤ.አ. በ2024 ባወጣው ደንብ፣ ትልልቅ ኩባንያዎች ሳይሸጥ የቀረባቸውን ልብስና ጫማ ከ2026 ጁላይ 19 ቀን ጀምሮ እንዳያጠፉ ወስኗል። ከዚህ ቀደም ይቃጠል ወይም ይቆራረጥ የነበረው ሁሉ እንግዲህ ገዢ መፈለጉ አይቀርም። ገዢው የሚፈለገውም በፓሪስ አደባባይ ሳይሆን እንደ ነቀምቴ ባለ ከተማ ነው ብንል የተሳሳትን አይመስለንም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር እንለይ። የተረፈ ጫማ ማለት ሰልባጅ ማለት አይደለም። ሰልባጅ ሌላ ሰው የለበሰው፣ በቦንዳ ታስሮ የሚመጣው ነው፤ ያገለገለ ልብስ ወደ አገራችን ማስገባትም በሕግ የተከለከለ ነው። የተረፈው ያልተለበሰ ስለ ሆነ በትክክለኛ ሰነድና ደረሰኝ ሊነገድ ይችላል። ወኪሉ ደረሰኙን ለመስጠት ቢያመነታ ግን ስለ ዋጋው መነጋገር አያስፈልግም።

አሁን ወደ ሒሳቡ እንምጣ። ቁጥሩ ለምሳሌ ያህል የቀረበ ስለ ሆነ ማንም ቸርቻሪ የራሱን ዋጋ አስገብቶ ሊያሰላው ይችላል። ተራው የጅምላ ዋጋ 1500 ብር የሆነ ጫማ በ40 በመቶ ቅናሽ በ900 ብር ቀረበ እንበል። ወኪሉ መርጦ መውሰድን አይፈቅድም፤ 200 ጥንድ ከነሙሉው ይላል። ይህ 180 ሺህ ብር ነው። ለጭነትና ለማውረጃ በጥንድ 40 ብር ሲጨመር 188 ሺህ ብር ይሆናል። ካርቶኑ ሲከፈት ግን 70ው ጥንድ ቁጥር 45ና 46 ሆኖ ይገኛል። ይህን የሚያህል እግር ያለው ሰው በወለጋ የለም አንልም፤ ነገር ግን ሰባው በአንድ ዓመት ውስጥ ወደ አንድ ሱቅ አይመጡም። ስለዚህ በቶሎ የሚሸጠው 130 ጥንድ ብቻ ነው። ወጪው ሁሉ በነዚህ ላይ ሲያርፍ አንዱ ጥንድ 1446 ብር ይወድቃል። ተራው ጫማ ከነጭነቱ 1540 ብር ነበር። 600 ብር የተባለው ቅናሽ ወደ 94 ብር ወረደ ማለት ነው። ከነዚሁ መካከል 12 ጥንድ ሶሉ ተላቆ ቢመለስ ደግሞ የአንዱ ዋጋ 1593 ብር ይደርሳል፤ እንግዲህ ርካሹ ጫማ ከውዱ በለጠ ማለት ነው።

በወለጋ ላይ የሚጨመር ሌላ ችግርም አለ። ጫማ በጣም የሚያስፈልገው በክረምት ሲሆን የገበሬው ገንዘብ የሚገኘው ቡናው ከተለቀመ በኋላ በበጋ ነው። ስለዚህ ቸርቻሪው በሰኔ የጫነውን ዕቃ በዱቤ ካልሰጠ በቀር እስከ ኅዳርና ታኅሣሥ ይዞት ይቆያል። ከአዲስ አበባ በአምቦና በባኮ በኩል 330 ኪሎ ሜትር ያህል የሚሆነው መንገድ በቅርብ ዓመታት በጸጥታ መጓደል ምክንያት በየጊዜው ሲስተጓጎል መቆየቱም የጭነቱን ዋጋና የነጋዴውን ልብ አብሮ ከፍና ዝቅ ሲያደርግ ከርሟል። በሱቅ የታሰረ ገንዘብ ደግሞ በሚቀጥለው ወር ሊገዛ የሚችለውን ጥሩ ዕቃ ያስቀራል። ይህ ኪሳራ በደብተር ስለማይጻፍ ብዙዎች ይዘነጉታል።

ሶሉስ ለምን ተላቀቀ? ባለሱቋ ጥፋቱን በማስቲሹ ላይ አድርገው ነበር። ማስቲሽም በርግጥ ያረጃል። ነገር ግን ካርቶኑ ሲከፈትልን ያየነው ሌላ ነው። ያልተለበሰው ጫማ ሶል እንደ ደረቀ እንጀራ ተፈረካክሶ፣ በጣት ሲነካ ይበተን ነበር። ይህ ፖሊዩሬታን የሚባለው፣ ቀላልና ለስላሳ የሆነው፣ አረፋ የመሰለ ፕላስቲክ ጠባይ ነው። በአየር ውስጥ ያለው እርጥበት ቀስ በቀስ ውስጡን ያፈርሰዋል። ጫማው ባይለበስም በሳጥን እንደ ተቀመጠ ያረጃል፤ እንዲያውም ሳይለበስ ብዙ ዓመት በእርጥብ መጋዘን የከረመው ይብስበታል። እንደ ነቀምቴ ያለ አየር ደግሞ ለዚህ የተመቸ ነው። እንግዲህ የተረፈ ጫማ ዋና ጥያቄ «ተለብሷል ወይስ አልተለበሰም?» የሚለው ሳይሆን «መቼ ተሠራ?» የሚለው ነው።

ይህንም ማወቅ አይከብድም። በአብዛኛው የስፖርት ጫማ ምላስ ውስጠኛ ገጽ ላይ በተሰፋችው ትንሽ ጨርቅ የተሠራበት ወርና ዓመት ይገኛል። ጨርቋ ተቆርጣ ከሆነ የተቆረጠችበት ምክንያት ይጠየቅ። ሶሉን በጥፍር ጫን ሲሉት ተጣብቆ የሚቀር ወይም የሚሸራረፍ ከሆነ አይገዛም። ጫማውን ከጣቶች ሥር በሚታጠፍበት በኩል አሥር ጊዜ አጥፎ ስንጥቅ መፈለግም ደግ ነው። ከሁሉ የሚሻለው ግን አንድ ጥንድ ገዝቶ በሠፈር ላለ ጫማ ሰፊ መስጠት ነው። ጫማ ሰፊ የተሠራውን ብቻ ሳይሆን የሚፈርሰውንም ያውቃል። የላስቲክ ሶል ግን እንደ ፖሊዩሬታን በእርጥበት አይፈርስም፤ ሽማግሌው በአውራ ጣታቸው የመረመሩት ይህንኑ ነበር ማለት ነው።

«ተፈጥሮን የማይጎዳ» የሚለውን ቃልም እንመልከተው። ከሃይላንድ ጠርሙስ የተፈተለ ክር፣ ከአናናስ ቅጠል የወጣ ቃጫ፣ ከበግ ጠጉር የተሸመነ ጨርቅ፣ ይህ ሁሉ መልካም ነው። ነገር ግን ላዩ ከአናናስ ሆኖ ሥሩ በሦስት ወር የሚበተን ጫማ ተፈጥሮን ጠቀመ ለማለት ያስቸግረናል። ደግሞስ ያረጀን ነገር መልሶ ጫማ ማድረግ ለእኛ አዲስ ነገር ነውን? በመርካቶ ምናለሽ ተራ ያረጀ የመኪና ጎማ በስለት ተቀዶ በረባሶ ሲሆን ያላየ የአዲስ አበባ ሰው ጥቂት ነው። በረባሶ የድኻ ጫማ ተብሎ ሲናቅ ኖሮ፣ እ.ኤ.አ. በ2004 ወይዘሮ ቤተልሔም ጥላሁን በዘነበወርቅ ሠፈር ሶል ሬብልስ የተባለውን ድርጅት አቋቁመው ያንኑ የጎማ ሶል በሸማኔ እጅ ከተሸመነ ጨርቅ ጋር አዋሕደው ለውጭ አገር ገበያ አቀረቡት። ሶሉ የሰው ሁሉ መጣያ የነበረ ጎማ ነው፤ ግን በእርጥበት አይፈርስም። የመርካቶ ጫማ ሠሪዎችም እ.ኤ.አ. በ2001 ገደማ የቻይና ርካሽ ጫማ ገበያውን ባጥለቀለቀ ጊዜ ብዙ ተጎድተው ሳለ ንድፋቸውንና ጥራታቸውን አሻሽለው ገበያቸውን መልሰው ይዘዋል። ስለዚህ ቸርቻሪው ከሩቅ የመጣውን ትራፊ ከመጫኑ በፊት በዚያው ገንዘብ ከመርካቶ በቁጥር መርጦ ምን ያህል ሊያመጣ እንደሚችል መጠየቁ አይከፋም። መርጦ መግዛት መቻል ራሱ የዋጋ ያህል ነው።

ይህን ሁሉ ስንል የተረፈ ጫማ አይምጣ ማለታችን እንዳይመስል። በወለጋ የጫማ ነገር የጌጥ ነገር ብቻ አይደለም። ቀዩ አፈር ከእሳተ ገሞራ ድንጋይ የተገኘ ሲሆን፣ በባዶ እግር ለዓመታት የሚረግጠው ሰው ደቃቁ ብናኝ በቆዳው እየገባ ዝሆኔ ያስይዘዋል። በሽታው ከሰው ወደ ሰው እንደማይተላለፍ፣ መነሻውም አፈሩ መሆኑን እንግሊዛዊው ሐኪም ኤርነስት ፕራይስ በኢትዮጵያ ሲሠሩ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ አስረድተዋል። እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ ጥናትም በምዕራብ ወለጋ በጉልሶ ወረዳ ከመቶ ሰው 3 ያህሉ በዚህ በሽታ መያዙን አሳይቷል። መከላከያው ክትባት ወይም ውድ መድኃኒት አይደለም። ከልጅነት ጀምሮ እግርን በሳሙና መታጠብና የተሸፈነ ጫማ ማድረግ ነው። ለዚህ ደግሞ እጅግ የምንወደው በረባሶ እንኳ ጣትን ገልጦ ስለሚተው አይበቃም።

እንግዲህ የተሸፈነና ሶሉ ጤናማ የሆነ ጫማ በርግጥ በረከሰ ዋጋ ቡርቃ ጃቶ ቢደርስ፣ ከዚያም ወደ ጊምቢና ወደ ጉልሶ ገበያ ቢዘልቅ፣ የሚያተርፈው ነጋዴው ብቻ አይሆንም። የሚያሳዝነው፣ በተረፈ ዕቃ ካርቶን ውስጥ በብዛት የሚገኘው ትልቁ ቁጥር ሲሆን በጣም የሚፈለገው የልጆች ቁጥር መሆኑ ነው። ቸርቻሪዎቻችን ለየብቻ 200 ጥንድ ከሚጭኑ ይልቅ አምስትና ስድስት ሆነው አንድ ትልቅ ጭነት በጋራ ቢጠይቁ፣ የቁጥሩን ዝርዝር አስቀድመው በጽሑፍ ሊያስመጡና የልጆችን ለይተው ሊወስዱ ይችላሉ። አንድ ነጋዴ ብቻውን ሲጠይቅ የማይሰማ ወኪል ስድስት ሲሆኑ ጆሮው ይከፈታል።

ወኪሉ በማግስቱ ጧት ተመልሶ መጣ። ባለሱቋ እንደ ዱሮው ዋጋ አልተከራከሩም፤ የቁጥሩን ዝርዝርና የተሠራበትን ዓመት ጠየቁ። ዝርዝሩ አልነበረም። «እንግዲያስ ካርቶኑን እዚህ እንክፈተው» አሉት። ሁለት ሰዓት ያህል ጫማ ሲታጠፍና ሲጫን ቆየ፤ የሠፈሩ ጫማ ሰፊም ተጠርቶ መጣ። በመጨረሻ ባለሱቋ የላስቲክ ሶል ያላቸውን 60 ጥንድ ብቻ፣ ከተባለው ዋጋ በጥንድ 80 ብር ጨምረው፣ መርጠው ወሰዱ፤ ደረሰኝም ተቀበሉ። ከነዚህ ውስጥ 22ቱ የልጆች ነበሩ። የቀረውን ወኪሉ መልሶ አሰረና በከሰዓት በኋላው መኪና ወደ ጊምቢ ይዞት ሄደ።